የፍልሰታው ከረሜላ

ጓድ ገብረክርስቶስ የቀበሌያችን ሊቀመንበር ከሆነ ወዲህ ብዙ ጉድ አይቻለሁ። በፍልሰታ ጾም መሐል ልጆች የወተት ከረሜላ ሠርተው ይብሉ ብሎ ሲመጣ ግን፣ ይህ ሰው ስሙን ያወጡለትን እናቱንም ረስቷል አልኩ።

ክረምቱን የሠፈሩን ልጆች የምንሰበስበው ከጊዮርጊስ ዝቅ ብሎ ባለ አንድ የተወረሰ ቪላ ውስጥ ነበር። ዓለምጸሃይ ፊደል ታስቆጥራለች፣ እኔ መዝሙር አስጠናለሁ። መዝሙር ስል የእግዜርን አይደለም፣ ስለ ማጭድና ስለ መዶሻ የሚዘመረውን ነው። የፒያሳ ልጅ ማጭድ የት ያውቃል? እሱ የሚያውቀው ማጭድ ግድግዳ ላይ በቀይ ቀለም የተሳለውን ነው። ድምፃቸው ግን ያምር ነበር፤ ግጥሙን ካልሰሙት ማለቴ ነው።

አሥረኛው የአብዮት በዓል ደርሶ ከተማው በሙሉ ቀለም ይቀባ ነበር። አጥሩ ይቀባል፣ የስልክ እንጨቱ ይቀባል፣ የቸርችል ጎዳና ድንጋይ እንኳ አልቀረለትም። አንድ ቦታ ቆሞ ያረፈደ ሰውም ሳይቀባ የሚቀር አይመስለኝም። ሊቀመንበሩም በቀለም የሚቀባው ነገር ሲያልቅበት ወደ ልጆቹ መጣ።

«ሐሙስ ጠዋት በአራት ሰዓት ከበላያችን ከከፍተኛው ጽሕፈት ቤት እንግዶች ይመጣሉ» አለ፣ ጃንጥላውን እኛ ላይ እያራገፈ። «ልጆቹ በገዛ እጃቸው ከረሜላ ሠርተው እንግዶቹ ፊት ይበላሉ። ፎቶ ይነሣል።»

«ላምባ ከጠፋ ሰነበተ እኮ፣ ስኳሩን በምን እናቅልጠው?» አለች ዓለምጸሃይ።

«እሳት ማን አለሽ? በሶ፣ ስኳርና የዱቄት ወተት ታሽቶ በኮከብ ቅርጽ ይቆረጣል። ባደጉት የሶሻሊስት አገሮች ልጆች እንዲህ እየተጫወቱ ነው የሚማሩት። ሴሚናር ላይ ተነግሮናል።»

በሶ ማሸት በሴሚናር የተማረ ሰው ያየሁት እሱን ብቻ ነው። ወተቱም ቢሆን ለየትኛው ረሃብተኛ ተብሎ አገር እንደገባ ከረጢቱ ላይ ተጽፎ ነበር፤ ግን ማን ይጠይቃል?

ዓለምጸሃይ እንደ ልማዷ በለሆሳስ ተናገረች። «እንግዲያው በውሃ ይታሽ፣ ወተቱ ይቅር። ጾም ነው። ሰዓቱም ወደ ከሰዓት ቢሆን ይሻላል። ልጆቹ ቅዳሴ እስኪወጣ ምንም አይቀምሱም፤ ይቆርባሉ።»

ፈገግ አለ። የዚያን ሰው ፈገግታ አልወደውም።

«አውቄ ነው እንጂ! ጓድ ካላዩ የሚባሉት የከፍተኛው ኃላፊ ሊያዩ የሚመጡት የእኛ ልጆች ከጎጂ ልማድ መላቀቃቸውን ነው። አንድ ልጅ አልበላም ካለ፣ ዓለምጸሃይ፣ ሰኞ እንዳትመጪ። በማን ቅስቀሳ እምቢ እንዳለም ይጣራል። የወንድምሽ ፋይል አልተዘጋም።»

ወንድሟን በቀይ ሽብር ወስደውት አልተመለሰም። ከዚያ በኋላ አፍንጮ በር ያሉት እናቷ የሚያድሩት በእሷ ደሞዝ ነበር። በዚያ ዘመን ደግሞ «ይጣራል» የተባለ ሰው በሩ ሲንኳኳ ጫማውን አጥልቆ፣ ካፖርቱን ለብሶ ነው የሚከፍተው።

ሲወጣ እኔ ቶሎ ብዬ፣ «ወተት የለበትም ብለን እንንገራቸው፤ ልጆች ናቸው፣ አያውቁም» አልኩ።

«ይቆርባሉ እኮ፣ አልጋነሽ! የሰው ልጅ ዋሽቼ አስገድፌ ምን ብዬ ልተኛ?»

«ባይበሉስ?»

«ለጊዜው ይሥሩት፤ መሥራት ኃጢአት አይደለም» አለች። እኔም ሊቀመንበሩን ልኩን ልነግረው ፈልጌ፣ እንደ ሌላው የአገር ሰው ሁሉ፣ ከሄደ በኋላ ነገርኩት።

ረቡዕ ልጆቹ እጃቸውን ታጥበው ትልቅ የቆርቆሮ ትሪ ከበቡ። በሶው ሲፈስ ብናኙ ተነሥቶ ሁሉም አስነጠሱ። በቀይ ሥር ጭማቂ አቀላነው፤ ያለ ቀይ ምን ነገር ይሠራ ነበርና? ከዚያ ማሸት፣ ማድቦልቦል፣ በቲማቲም ጣሳ ቆርቆሮ ኮከብ መቁረጥ ሆነ። ኮከቡ ቶሎ ሰለቻቸው። አንዱ ቮልስዋገን ሠራ፣ አንዱ የእናቱን ጫማ ሠራ። ወይኒ የምትባል የሰባት ዓመት ልጅ ደግሞ ሆዱ የተነፋ፣ አንገት የሌለው ሰው ጠፍጥፋ አፏን ይዛ ትስቅ ጀመር። ማን እንደሆነ አልጠየቅናትም፤ ጃንጥላ ብቻ ነበር የቀረው።

አንድም ልጅ ግን ጣቱን አልላሰም። ስኳር በቀበሌ ሱቅ በኩፖን በሚታደልበት፣ ከረሜላ ብርቅ በሆነበት ዘመን፣ እስከ ክርናቸው ስኳር ተቀብተው እጃቸውን ከአፋቸው አርቀው እንደ ሐኪም ወደ ላይ ይዘዋል። ትንሹ ሐድጉ ብናኝ ከንፈሩ ላይ ቢያርፍበት ምላሱን ለማራቅ አፉን ከፍቶ እያለቀሰ መጣ፣ በመሐረብ ጠረግንለት። ይህን ጽናት ከማዕከላዊ ኮሚቴው ውስጥ ፈልጉልኝ።

የምትቀምሰው ዘነቡ ብቻ ነበረች። ዘነቡ ከጊዮርጊስ በታች ጨርቅ የሚሸጠው የኡመር ልጅ ናት፤ እስላም ስለሆነች ፍልሰታ አይመለከታትም። ልጆቹ ራሳቸው ተመካክረው ቀማሽ አደረጓት። አንዱ ያሻል፣ አንዱ ቁራሽ ያጎርሳታል፣ ሁሉም ዓይን ዓይኗን ያያሉ።

«ጣፈጠ?»

«ትንሽ ስኳር ይጨመር» ትላለች፣ ዓይኗን ጨፍና። እስኪመሽ ስኳር ይጨመር ስትል ዋለች። ማንም አልተቀየማትም፤ ለሁሉም እንደምትበላላቸው ነበር የሚቆጥሩት።

ሐሙስ እንግዶቹ በሰዓቱ መጡ። ጓድ ካላዩ ከከፍተኛው ፕሮፓጋንዳ ክፍል፣ አንዲት የሴቶች ማኅበር ተጠሪና አንድ ፎቶ አንሺ ናቸው። ትሪው መሐል ላይ ቀረበ። ሊቀመንበሩ ከኮከቦቹ አጠገብ የተጋደመውን ሆዳም ሰውዬ ትክ ብሎ አየው።

«ይሄ ምንድን ነው?»

«ጉማሬ ነው» አልኩ።

ንግግር አደረገ። ጽሑፉን ልድገመው ብል እኔም እደክማለሁ፣ እናንተም ትተኛላችሁ። ሲጨርስ አጨበጨበና፣ «በሉ ልጆች፣ ብሉ!» አለ።

ልጆቹ ሁሉ ዘነቡን አዩ። ዘነቡ ምን ታድርግ፣ ሥራዋ ነው፤ ኮከብ አንሥታ ጎረሰች። ፎቶው ተነሣ። ጓድ ካላዩ ከመሬት ብድግ አድርጎ አቀፋት።

«ይቺ ናት የአዲሲቱ ኢትዮጵያ ልጅ! ከጭፍን ልማድ ነፃ የወጣች! ስምሽ ማነው?»

«ዘነቡ ኡመር» አለች፣ አፏ ሞልቶ። «እኔ እኮ እስላም ነኝ። የእነሱ ጾም ነው።»

ጓድ ካላዩ የአዲሲቱን ኢትዮጵያ ልጅ ቀስ ብሎ መሬት አስቀመጣት። ፎቶ አንሺው ወደ መስኮቱ ዞሮ ትከሻው ይነቃነቅ ነበር።

«የቀራችሁትስ?» አለ ሊቀመንበሩ። ማንም አልተነቃነቀም። እጃቸውን ወደ ኋላ ደብቀው ቆሙ። «ብሉ እኮ ነው የምላችሁ!» ድምፁ ሲያይል ሐድጉ ማልቀስ ጀመረ። ጓድ ካላዩ ፊቱን አጨፈገገ። «እነዚህን ልጆች የሚያስተምራቸው ማነው?»

ዓለምጸሃይ ብድግ አለች። ሰኞም፣ ደሞዙም፣ የወንድሟም ነገር እዚያች ትሪ ላይ ነበር።

«እኔ ነኝ፣ ጓድ» አለች። «ልጆቹ እምቢ ማለታቸው አይደለም። በእኛ ባህል ልጅ ታላቅ ሳይቀምስ፣ ያውም እንግዳ ባለበት፣ እጁን አይሰድም። እርስዎ ይጀምሩላቸው።»

ትሪውን አንሥታ ፊቱ አቀረበችለት፣ እጅ ነሥታ፣ በሁለት እጇ።

ጓድ ካላዩ ትሪውን አየ፣ ኮሌታውን አስተካከለ። «እኔን ሐኪም ስኳር ከልክሎኛል» አለ። በሐምሌ ፒያሳ ኬክ ቤት ባንኮኒውን ተደግፎ ባለ ክሬሙን በላይ በላዩ ሲያወርድ በዓይኔ አይቼዋለሁ። ትሪው ወደ ተጠሪዋ ዞረ። እሷ ጉንጯን ይዛ፣ «ጥርሴን እያመመኝ ነው» አለች። ፎቶ አንሺው ገና ሳይደርሰው ካሜራውን ፊቱ ላይ አደረገ። በነሐሴ ካድሬ ላይ የሚወርደው በሽታ ብዛቱ!

ትሪው ሄዶ ሄዶ ሊቀመንበሩ ፊት ቆመ። ስኳር በሽታውም፣ ጥርሱም ቀድሞ ተወስዶበታል። አፉን ከፍቶ አንድ በሽታ ሲፈልግ ጓድ ካላዩ በእፎይታ ቀደመው።

«ጓድ ሊቀመንበር፣ ባለቤቱ እርስዎ ነዎት እኮ! ይጀምሩላቸው እንጂ!»

አሳ ጎርጓሪ ዘንዶ ያወጣል ይሏል ይህ ነው። ገብረክርስቶስ ኮከቧን አነሣ። ከላይ ከጊዮርጊስ የውዳሴ ማርያሙ ድምፅ ይሰማል። ኮከቧን አፉ ውስጥ ከተተ፣ አንዴ አላመጠ፣ ቆመ፣ ደግሞ አላመጠ።

«ውይ! ገደፉ!» አለች ወይኒ። ልጆቹ በሙሉ አፋቸውን ያዙ። ካሜራው ቀጭ አለ።

ልጆቹ አሁንም አልበሉም። ጓድ ካላዩ ግን ትሪው ተመልሶ እንዳይመጣበት ይመስለኛል፣ «በቂ ነው፣ ዋናው መልእክቱ ነው!» ብሎ ቸኮለ። ተጠሪዋም ጥርሷን ረስታ እየሳቀች ተከተለችው። ሁለቱም በመውጫቸው ለልጆቻችን እያሉ አንዳንድ እፍኝ ኪሳቸው ከተዋል። ወሰን የሌለው ሥርዓት ነው መቼም።

ሊቀመንበሩ ቀረ። በሶው ጉሮሮው ላይ ተጣብቆበት ይሁን ሌላ ነገር አላውቅም፣ የልጆች ወንበር ላይ ተቀምጦ መሬት መሬት ያያል። ጉልበቱ ደረቱ ጋ ደርሷል። እንዲህ ተጨማዶ አይቼው ስለማላውቅ፣ እውነቱን ልናገር፣ ደስ አለኝ። ከዚያ ቀና ብሎ ዓለምጸሃይን አያት። ዓይኑ ቀልቷል።

«ሰኞ…» ብሎ ጀመረ።

ወይኒ ግን በመሐል ገብታ ጉልበቱን ነካ አደረገችው።

«ጋሼ፣ አይዞዎት። እኔም አምና ረስቼ እንቁላል በላሁ። ለአባ ስነግራቸው አልተቆጡኝም። ስገጂ ብቻ ነው ያሉኝ።»

ዝናቡ ቆርቆሮው ላይ መውረድ ጀመረ። ሊቀመንበሩ እኛ እንዳንሰማው ጎንበስ ብሎ፣ «ስንት ስግደት አዘዙሽ?» አላት።

«አሥራ ሁለት። እርስዎ ግን ትልቅ ስለሆኑ ይበዛብዎታል።»

ተነሣ። ሱሪውን አራገፈ። ዓለምጸሃይን ሳያያት፣ «ሰኞ በጊዜ ልቀቂያቸው፤ ቅዳሴው እንዳያልፋቸው» አለና ወደ በሩ አመራ። ዓለምጸሃይ ትሪውን አስቀምጣ ግድግዳውን ተደገፈች። እንባዋ ያኔ ነው የመጣው።

«ጋሼ!» አለች ወይኒ ከኋላው። «ብቻዎን ካፈሩ አባ ጋ እኔ እወስድዎታለሁ። እሁድ እንሂድ?»

ጓድ ገብረክርስቶስ በሩ ላይ ቆሞ ትንሽ አሰበ።

«እሁድ አይመቸኝም፣ ስብሰባ አለ» አላት። «ቅዳሜ ይሻላል።»