ዝግ ነው የተባለው ቤት

ፈቲያ የብረቱን በር በእግሯ ደግፋ በጠባቡ ክፍተት አጮለቀች። ደጅ የቆሙት ሽማግሌ ደረጃውን በእግራቸው ወጥተው ኖሮ ትንፋሽ አጥሯቸዋል፤ ጭምብላቸው በላብ ርሶ አፋቸው ላይ ተለጥፏል።

"አቡ ኢሳ ነኝ፤ የቤቱ ባለቤት" አሏት በዓረብኛ።

ባይነግሯትም ገምታ ነበር። በአማን ከተማ፣ ጀበል አማን በሚባለው ዳገት ላይ ባለው በዚህ አሮጌ ቤት ሀጃ ዊዳድን ስታገለግል ስድስት ዓመት ሆኗታል፤ የአቡ ኢሳ ስም በክፉ ሳይነሳ የዋለበት ቀን ጥቂት ነው። ሀጃ ቤቱን ከባላቸው ጋር የተከራዩት ገና ሙሽራ ሳሉ፣ በአሮጌው ሕግ ነው። በዚያ ሕግ የሚኖር ተከራይ ኪራዩን እስከከፈለ ድረስ ባለቤቱ ሊያስወጣው አይችልም። ነገር ግን ቤቱ ያለ በቂ ምክንያት ግማሽ ዓመት ከተዘጋ ተከራዩ መብቱን ያጣል። ሀጃ ደግሞ ወይራ በሚለቀምበት ወራት ልጃቸውን ሊጠይቁ ኩዌት ሄዱ፤ ብርዱን እዚያ አሳልፈው ሊመለሱ ሲሉ ኮሮና መጣና አየር ማረፊያው ተዘጋ። አሁን ከሄዱ ግማሽ ዓመት አልፏል፤ ፍርድ ቤቶች ሥራ ጀምረዋል፤ አውሮፕላን ግን ገና የለም። አቡ ኢሳ ቤቱ ሰው የማይኖርበት ዝግ ቤት ነው ብለው ከሰዋል፤ ነገም የፍርድ ቤት ባለሙያ መጥታ ቤቱን ልታይ፣ ፈቲያንም ልትጠይቅ ነው።

ሀጃ በስልክ አጥብቀው አስጠንቅቀዋታል። ለአቡ ኢሳ በር እንዳትከፍት፤ ባለሙያዋ ስትጠይቃት ደግሞ "ሀጃ የሄዱት አየር ማረፊያው ሊዘጋ ጥቂት ቀን ሲቀረው ነው" እንድትል።

"ውሃ ብቻ ስጪኝ፣ ልጄ" አሉ ሽማግሌው። "ከዚያ እሄዳለሁ።"

ውሃ ለጠየቀ ሰው በር መዝጋት ከሚሴ ያሉት እናቷ ያላስተማሯት ነገር ነው። ከፈተችላቸው። ግቢው ውስጥ ድንጋይ ላይ ተቀምጠው ጠጡ፤ ብርጭቆውን ሲመልሱላትም ዓይናቸው ከሳሎኑ በር አልተነሳም።

ፈቲያ እስከዚያች ደቂቃ ድረስ አቡ ኢሳ ፎቅ በፎቅ ላይ የደረደሩ፣ የአንዲት ባልቴት መጠለያ ያስጎመጃቸው ሀብታም ይመስሏት ነበር። የነገሯት ግን ሌላ ነው። የተወለዱት እዚህ ቤት ውስጥ ነው። አባታቸው እንጀራ ፍለጋ ቤተሰቡን ይዘው ሀገር ጥለው ሲሄዱ ቤቱን ለሁለት ዓመት ብለው ለሀጃ ባል አከራዩት። ሲመለሱ መግባት አልቻሉም። አባትም እናትም በሰው ቤት ሞቱ። እሳቸውም ይኸው እስካሁን ጁበይሃ፣ ዩኒቨርሲቲው አካባቢ፣ ተማሪዎች በሚጮሁበት ሕንፃ ላይ ተከራይ ናቸው።

"አንድ ጊዜ ብቻ ልየው" አሉ።

ፈቲያ ጥቂት አመነታችና ከበሩ ዞር አለችላቸው። ሳትነግራቸው ጫማቸውን አወለቁ። እንደ መስጊድ በቀስታ ገብተው ግድግዳውን በመዳፋቸው እየዳሰሱ አለፉ፤ ከሳሎኑ ዳር፣ በከባድ መጋረጃ የተሸፈነው ግድግዳ ፊት ሲደርሱ ቆሙ። ሀጃ ፀሐይ ወንበሮቹን ታበላሻለች ብለው ያንን መጋረጃ ከፍተውት አያውቁም፤ ፈቲያም አቧራውን ከማራገፍ በቀር ከኋላው ምን እንዳለ አይታ አታውቅም።

"ልግለጠው?"

ራሷን በእሺታ ነቀነቀች።

መጋረጃው ሲሳብ የከሰዓቱ ፀሐይ በባለ ቀለም መስታወት አልፎ ሳሎኑን ሞላው። ቀይ፣ ሰማያዊ፣ የማር ቀለም ብርሃን ጣሪያው ላይ ወጣ፣ ግድግዳው ላይ ወረደ፣ ወለሉን አለበሰው። ፈቲያ ስትወለውለው የኖረችው፣ የደበዘዘ የመሰላት ወለል አበባ አወጣ። የሽማግሌው ነጭ ፀጉር ቀላ፤ የእሷ እጆችም ሰማያዊ ሆኑ። በጸደይ፣ ከቤት አትውጡ የሚለው የሰዓት እላፊ ሳይረን ጮኾ ከተማው ሁሉ ቤቱ ሲከተት፣ ከሰገነቱ ላይ ሆና አማንን ያለ አንድ መኪና፣ ያለ አንድ ድምፅ ማየቷ ትዝ አላት። ያን ቀን ትንፋሿን ውጣ ነበር። እንዲያ ያለ ነገር ዳግመኛ አያለሁ አላለችም ነበር፤ ለካ ከጀርባዋ ኖሯል።

"እናቴ ናት ከደማስቆ ያስመጣችው" አሉ አቡ ኢሳ። ብርሃኑ ወንበሮቹን አልፎ እስኪሄድ ሁለቱም እዚያው ቆሙ።

ፈቲያ ሲወጡ አንድ ነገር ይለምኑኛል ብላ ጠበቀች። ጫማቸውን አጥልቀው "ነገ የምታውቂውን ተናገሪ። ለእኔ ብለሽ ምንም እንዳትጨምሪ" ብቻ አሏት።

ማታ ዴር ግባር ሰፈር የምትሠራው ጓደኛዋ ሰብለወንጌል ስትደውልላት ሁሉንም ነገረቻት። ሰብለወንጌል ተቆጣች። "ቤቱ ከተወሰደ አንቺስ የት ልትገቢ ነው? በዚህ በሽታ ማን ቤቱ ያስገባሻል? ማዳምሽ ያለችሽን በይና ዝም በይ።"

በማግስቱ ባለሙያዋ መጣች፤ ክፍሎቹን ዞራ አይታ፣ ሀጃ መቼ እንደሄዱ ጠየቀች። አቡ ኢሳ ደጅ ቆመው ይሰማሉ።

"ወይራ ሲለቀም" አለች ፈቲያ።

"ከዚያ ወዲህ ቤቱ ዝግ ነበር ማለት ነው?"

"እኔ አለሁ። ልብሳቸውም መድኃኒታቸውም እዚህ ነው። ሊመለሱ ሲሉ ነው መንገዱ የተዘጋባቸው።"

ባለሙያዋ ሁለቱንም ቃል ጻፈች፤ የትኛው እንደሚያመዝን ዳኛው ያያል ብላ ሄደች። አቡ ኢሳ ደስ ያላቸው አይመስሉም። እንደ ትናንቱ ግድግዳውን እየዳሰሱ ደረጃውን ሊወርዱ ሲሉ የፈቲያ ስልክ ጠራ። ሀጃ ናቸው፣ በቪዲዮ።

ወጥ ቤት ገብታ ብቻዋን ልታነጋግራቸው ትችል ነበር። ሽማግሌው ከሄዱ በኋላ መልሳ ልትደውልም ትችል ነበር። እሷ ግን ተከትላ ወጥታ "ይግቡ" አለቻቸው፤ ሳሎን ከሀጃ ወንበር ፊት ለፊት አስቀመጠቻቸውና ስልኩን አነሳች።

"ምን አልሻት?" አሉ ሀጃ፣ ሰላምታም ሳያስቀድሙ።

"እውነቱን፣ ሀጃ።" አለች ፈቲያ። "አቡ ኢሳም እዚህ ናቸው። ትናንትም ዛሬም በሩን የከፈትኩላቸው እኔ ነኝ።"

 ሀጃ ስልኩን አልዘጉትም። አቡ ኢሳ ጭምብላቸውን ቀስ ብለው ወደ አገጫቸው አወረዱ። ፈቲያ የሀጃን መልስ ሳትጠብቅ ሁለቱ ራሳቸው እንዲነጋገሩ ስልኩን አዙራ ለሽማግሌው አስያዘቻቸው።