የዶዝ ላይብረሪው ሎግ

ሳፊያን ሎግ፣ ኮምፒውተር የሠራውን የሚመዘግብበትን ፋይል፣ ማንበብ አንገፍግፏታል። ሦስት ቀን ሙሉ እዚያው ፋይል ላይ ስታፈጥ ዐይኗ ደም መስሏል። ቡታጅራ ውስጥ አንድ ፎቅ ላይ ባለች ጠባብ ቢሮ ሦስት ሰዎች ለክሊኒኮች ፕሮግራም ይሠራሉ፦ ባለቤቱ አቶ ወልዴ፣ ራምዚና እሷ። የሕፃናትን መድኃኒት በኪሏቸው የሚያሰላው የፕሮግራሙ ክፍል፣ «የዶዝ ላይብረሪ» የሚሉት፣ የራምዚ ሥራ ነው። ሎጉን አንብቦ «ይሄ ተሠርቷል፣ ያ አልተሠራም» ማለት ደግሞ የእሷ።

ነገሩ እንዲህ ነው። እንሴኖ ያለ አንድ ክሊኒክ፣ ፕሮግራሙ ከአሥር ኪሎ በታች ለሆኑ ልጆች መጠኑን እጥፍ አድርጎ ያወጣል ብሎ ጮኸ። ራምዚ ሰኞ ዕለት አስተካከልኩት አለ። ቢሮው ጥግ ያለው ኮምፒውተር በየቀኑ ስድስት ሰዓት ላይ ማንም ሳይነካው ፕሮግራሙን ከኮዱ ይገነባል፤ የተለወጠ ፋይል ካገኘ እንደገና ይሠራዋል፣ ካላገኘ ያልፈዋል፣ ያደረገውንም ሎግ ላይ ይጽፋል። ሰኞ «የዶዝ ላይብረሪ፦ ለውጥ የለም፣ ታልፏል» አለ። ማክሰኞም ረቡዕም ያንኑ ደገመ።

ሐሙስ ጠዋት አቶ ወልዴ ሁለቱንም ፊቱ አቆማቸው።

«ሳፊያ፣ የሕፃናት ነፍስ ነው። ራምዚ ሠርቷል አልሠራም? ካልሠራ ዛሬውኑ ይሰናበታል።»

«ወላሂ ሠርቻለሁ! እኔ ላፕቶፕ ላይ በትክክል ያወጣል» አለ ራምዚ።

«ክሊኒኩ የሚደርሰው ያንተ ላፕቶፕ አይደለም!» አለ አቶ ወልዴ።

ሳፊያ ደክሟት ነበር። ጭቅጭቁ እንዲያልቅላት ብቻ ፈለገች። «ሎጉ አልተነካም ነው የሚለው» አለች። ራምዚ የቢሮውን ቁልፍ ጠረጴዛው ላይ አስቀምጦ ወጣ። ምነው በሰደባት!

የራምዚ ሥራ በእሷ ላይ ወደቀ። በጥጉ ኮምፒውተር ላይ ኮዱን ስትከፍት ስህተቱ ተስተካክሎ አገኘችው። ሥራዬ ሎግ ነው ብላ፣ እስከዚያች ሰዓት አንድም ቀን ኮዱን ራሱን ከፍታ አላየችም። አንድ መስመር በእጇ ጨመረችና ስድስት ሰዓትን ጠበቀች። ሎጉ መጣ፦ «ለውጥ የለም፣ ታልፏል።»

«እንዴ! አሁን በእጄ ነክቼው?»

የሎጉን መስመር መነሻ አየችው። 19/12/2008 ይላል። ነሐሴ አሥራ ዘጠኝ፣ ሁለት ሺህ ስምንት። ቀኑ ልክ ነው። ልክ በመሆኑ ነው ክው ያለችው፤ ኮምፒውተር የሚቆጥረው በፈረንጅ ነው፣ 2016 ማለት ነበረበት።

ያን ጊዜ ትዝ አላት። ባለፈው ዓርብ ወልቂጤ ያለ አንድ መሥሪያ ቤት ደብዳቤዋን «ቀኑ የፈረንጅ ነው፣ አስተካክለሽ አምጪ» ብሎ ለሁለተኛ ጊዜ መለሰባት። ደብዳቤ የሚታተመው ከዚያው ከጥጉ ኮምፒውተር ነው፣ ቀኑንም ራሱ ይሞላል። በሚኒባስ ተንገላትታ ስትመለስ በንዴት የኮምፒውተሩን ቀን ራሱን ወደ እኛው ቀየረችውና ተገላገለች። ከዚያ ወዲህ የተነካ ፋይል ሁሉ ስምንት ዓመት ገደማ ያረጀ እየመሰለ ተመዘገበ፤ ኮምፒውተሩም የፋይሉን ቀን መጨረሻ ከተሠራበት ቀን ጋር እያነጻጸረ «ይሄማ የድሮ ነው» እያለ አለፈው።

አቶ ወልዴን ጠርታ ሎጉን አሳየችው። መነጽሩን አድርጎ አንገቱን አሰገገ።

«ነሐሴ አሥራ ዘጠኝ፣ ሁለት ሺህ ስምንት። ምኑ ነው የተሳሳተው?»

«እኔ ነኝ የተሳሳትኩት፣ አቶ ወልዴ» አለችና ሁሉንም ነገረችው። ራሱን ይዞ ተቀመጠ። «በይ ልጁን ጥሪው፣ ይመለስ» አላት።

ቀኑን መለሰች፣ የራምዚን ፋይሎች እንደ አዲስ አስገባች፣ ግንባታውን አስነሣች። «የዶዝ ላይብረሪ፦ እንደገና ተሠርቷል።» ለእንሴኖው ክሊኒክ ላከችና ለራምዚ ደወለችለት። ከስልኩ ወዲያ ሕፃን ያለቅሳል።

«ራምዚ፣ አፈር ልብላ፣ ሠርተህ ነበር፤ ያጠፋሁት...»

«ቆዪ ሳፊያ፣ አንዴ ቆዪ።» ከሌላ ሰው ጋር ያወራል፦ «ስድስት ኪሎ ተኩል ናት? ኮምፒውተሩን ተዪው ሲስተር፣ በእጄ ላስላልሽ።»

«እንሴኖ ነህ እንዴ? እዚያ ምን ትሠራለህ?»

«ታዲያ ምን ላድርግ? ትክክለኛው እስኪደርሳቸው ማን ያስላላቸው?»

«አሁን ልኬዋለሁ» አለች በመከራ፤ የዓርቡንም የቀን ጉድ አንድ ሳታስቀር ነገረችው።

ራምዚ ስልኩን ሳይዘጋ ፕሮግራሙን አስከፍቶ ስድስት ኪሎ ተኩል አስገባ፣ ያወጣውን ቁጥር በእጁ ወረቀት ላይ ካሰላው ጋር አስተያየ። «ልክ ነው፣ አልሐምዱሊላህ» አለ።

«አቶ ወልዴም ተመለስ ብሎሃል። መቼ ትመጣለህ?»

«በጣም ደክሞኛል፣ ሳፊያ። እኔ ስምል ግን ኮዱን አንዴ እንኳ ከፍተሽ ብታዪልኝ ምን ነበረበት?» ብሎ ስልኩን ዘጋው።