በቀይ ክር የታሰረው ማኅተም

ልብስ ሰፊዋን ሰፈሩ «መቀስ» ይላታል። ስሙን ያወጣላት እጇ ሳይሆን ምላሷ ነው። ጠባቧ ሱቋ ውስጥ ሦስት የኤሌክትሪክ ስፌት መኪናዎችና አንድ ካውያ አሉ። መብራት ከሌለ አራቱም የብረት ክምር ናቸው።

መዘዙን ያመጣባት ጨዋነቷ ነው። አንድ ቀን ግድግዳ ስትወለውል የቆጣሪው የእርሳስ ማኅተም ሽቦው ዝጎ ተበጥሶ ወለሉ ላይ ወድቆ አገኘችው። ሌላ ሰው ቢሆን በመጥረጊያ ይሸኘው ነበር። እሷ ግን የሰው ንብረት በእጄ አይጥፋ ብላ፣ በቅርብ ባገኘችው ወፍራም ቀይ ክር አጥብቃ ቋጥራ ቦታው መለሰችው።

ከአምስት ወር በኋላ የመብራት ድርጅቱ ተቆጣጣሪ መጣ። ክሩን በጣቱ ነካ ነካ አደረገ፣ ፎቶ አነሳ፣ ሄደ። በሳምንቱ ደብዳቤ ደረሳት፦ «ቆጣሪ በመነካካት ለተፈጸመ የኃይል ስርቆት ቅጣት»። የሦስት ዓመት ፍጆታ በግምት ተሰልቶ፣ በእጥፍ! መኪናዎቹ ከነካውያው ቢሸጡ ሲሶውን አይሸፍኑም። ካልከፈለች መስመሩ ይቆረጣል።

ድርጅቱን ከሰሰች። በቀጠሮው ጠዋት ታናሽ ወንድሟ የፍርድ ቤቱ ደረጃ ላይ ክንዷን ያዛት።

«እታለም፣ ስለ ማኅተሙ ከጠየቁሽ አላየሁም በይ። በቃ።»

«አይቼዋለሁ እኮ!»

«አንቺ ደግሞ! ለእውነት ሽልማት ሊሰጡሽ ነው እንዴ?»

«ሌባ ብለውኛል፤ ውሸታምነቱን እኔው ልመርቅላቸው?»

የድርጅቱ ነገረ ፈጅ ከረባቱን አስተካክሎ ተነሳ።

«ክሩ የማን ነው?»

«የእኔ።»

«ማን ቋጠረው?»

«እኔ ነኛ! ወድቆ አገኘሁት፣ አሰርኩት። ሌባ የገባበትን በር መልሶ ይቋጥራል? ለዚያውም በቀይ ክር?»

ችሎቱ ሳቀ። ነገረ ፈጁም አብሮ ሳቀ፤ የሚፈልገውን ቃል አግኝቷል።

«መውደቁን ለድርጅቱ አመልክተዋል?»

«ደወልኩ። ግማሽ ሰዓት ሙዚቃ አሰምቶኝ ተቋረጠ።»

«በጽሑፍስ?»

«በጽሑፍ አላመለከትኩም። ግን ቆጣሪው ይመርመርልኝ! ሰርቄ ከሆነ እሱ ይናገር!»

ዳኛው ወደ ነገረ ፈጁ ዞሩ።

«ክቡር ፍርድ ቤት፣ ቆጣሪው በአሠራራችን መሠረት ተቀይሮ ተወግዷል።»

እንግዲህ እዩልኝ! የክርክሩን ዋና ማስረጃ ቆሻሻ ውስጥ የጣለው ተከሳሹ ነው። ምስኪን ሰው አንዲት ደረሰኝ ቢጠፋበት «ቸልተኛ» ይባላል፤ ድርጅት ቆጣሪን የሚያህል ነገር ሲጥል «አሠራር» ይባላል።

ዳኛው ክፉ ሰው አልነበሩም፤ የሚያንገበግበውም ይኸው ነው። መነጽራቸውን አውልቀው ዓይናቸውን አሹ።

«እኔ ላምንዎት እችላለሁ። ነገር ግን ውሉ ማኅተሙን የነካ ደንበኛ ኃላፊ ነው ይላል። ውሉን ፈርመዋል፤ መንካትዎንም እዚሁ አምነዋል።»

ክሱ ውድቅ ሆነ። ይግባኝ ማለት ይቻላል፤ የቅጣቱን ግማሽ አስቀድሞ ማስያዝ ግን ግድ ነው።

«ግማሹ ቢኖረኝ እዚህ ምን አመጣኝ?» አለች። ጸሐፊዋ ቀጣዩን መዝገብ ጠራች።

በማግስቱ መስመሩ ተቆረጠ። መቀስም፣ ተቆርጠው ያልተሰፉትን ልብሶች በየባለቤቱ ጠቅልላ፣ ልኬታቸውን በወረቀት ጽፋ፣ በየቤቱ መመለስ ጀመረች። ሦስተኛው ቤት የአንዲት ነርስ ነው።

«ምነው እህቴ፣ የሥራ ልብሴን ሳትሰፊው?» አለች ነርሷ። ከዚያ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ «ታዲያ… እውነት ሰርቀሽ ነበር?»

«ፍርድ ቤቱ እንደዚያ ብሏል። የሱሪው ቁመት ወረቀቱ ላይ አለልሽ።»

ነርሷ ጥቅሉን ተቀበለች። መቀስ ደረጃውን ስትወርድ፣ በሩ ከኋላዋ ሁለቴ ሲቆለፍ ሰማች።