ሰባተኛው ውሃ

ኑ ልጆቼ፣ ተጠጉ። ወንበር ያልደረሰው አልጋው ጫፍ ላይ ይቀመጥ፤ በሩንም ገርበብ አድርጉት፣ የውጭው ጫጫታ ይረብሸኛል። ዛሬ የማወራችሁ ስለ ታናሽ ወንድሜ ምላስና በገዛ እጄ ስላጠብኩት አንድ ዕቃ ነው። ብቻ መሃል ላይ «ከዚያስ?» እያላችሁ አታጣድፉኝ፤ ያን ቀን የተጣደፍኩት ይበቃኛል።

ትምህርቴ ስድስተኛ ክፍል ላይ ቆሟል። እንዲያም ሆኖ ሃያ ሦስት ዓመት ሙሉ ላቦራቶሪ ውስጥ ኖሬያለሁ፤ ዕቃ አጣቢ ነበርኩ። አራተኛ ፎቅ፣ መስኮቱ ሥር ያለው ባለሁለት ገንዳ ማጠቢያ የኔ ነው። ሐኪሞቹ ከሰው ገላ የተወሰደ ሥጋ ከወረቀት አሳስተው ይቆርጡና መስታወት ላይ ይለጥፉታል፤ ስላይድ ይሉታል። ስላይዶቹ ቀለም የሚጠጡበት ጥርስ ጥርስ ያለው ትንሽ የፕላስቲክ ሣጥን አለ፣ አምስት ስላይድ የሚይዝ። እኛ መንከሪያ እንለዋለን። መንከሪያ በአሲድ ይታጠብና ሰባት ጊዜ ይለቀለቃል። ስድስቱ በንጹህ ውሃ ነው፤ ሰባተኛው ግን በሶዳ ውሃ፣ በጥርሶቹ መካከል የተደበቀውን የአሲድ ርዝራዥ እንዲገድል።

እኔ ደግሞ ቁጥር ሲደጋገም ይምታታብኛል። አራተኛው ነው አምስተኛው እያልኩ ስጨነቅ አንድ ቀን ዘዴ አገኘሁ። እናታችን የወለደችው ሰባት ነው፤ በወንድሞቼና በእህቶቼ ስም መቁጠር ጀመርኩ። በኩራችን አንድ፣ እኔ ራሴ ሦስት፣ እያልኩ እስከ መጨረሻው። ሶዳው የታናሻችን ነው። በአጠገቤ የሚያልፉት «እማማ ዛሬም ቤተሰቡን ገላ እያጠቡ ነው» እያሉ ይስቁብኛል። ይሳቁ! በዚያ ሁሉ ዓመት አንድ ቀን እንኳ ተሳስቼ አላውቅም ነበር።

ታናሻችንን ሰፈሩ የሚያውቀው ሬዲዮ በሚል ስም ነው። አፉ አይዘጋማ! እንጀራውም አፉ ነበር፤ አውቶቡስ መናኸሪያ ድምፅ ማጉያ ይዞ፣ የትኛው መኪና በስንት ሰዓት ከየትኛው በር እንደሚነሳ ይለፍፋል። መሃል ላይ ደግሞ የራሱን ይጨምርበታል፤ «ባለ ቀይ ሻንጣዋ እመቤት፣ ባልሽ ሦስተኛው በር ላይ ጠፍቶ እያለቀሰ ነው!» እያለ መንገደኛውን በሳቅ ይገድለዋል። እናታችን ስታርፍ ዘጠኝ ዓመቱ ነበር። ያሳደግኩት እኔ ነኝ።

ያን ዓመት የምላሱ ጠርዝ ላይ ነጭ ቁስል ወጣ። «የተሰበረች ጥርሴ ፋቅ አድርጋኝ ነው» አለ። ወር ሞላው፣ ሁለት ወር ሞላው፣ አልድን አለ። እየጎተትኩ ቀዶ ሐኪም ዘንድ ወሰድኩት። እሳቸውም የምስር ክክ የምታህል ሥጋ ከቁስሉ ቆርጠው ለምርመራ ላኩ። ያዩት ሁለት ባለሙያዎች ግን አልተስማሙም። አንዱ ካንሰር ጀምሯል አለ፤ ሌላው የለም፣ ጥርስ ያስቆጣው ቁስል ነው አለ። ካንሰር ከሆነ የምላሱ ሲሶ ይቆረጣል። ካልሆነ ሦስት ወር እያዩ መጠበቅ ነው። «ካንሰር ሆኖ ሦስት ወር ከጠበቅን ግን ወደ አንገቱ ይወርዳል» አሉኝ ቀዶ ሐኪሙ፣ ወንድሜ ከክፍሉ ሲወጣ ጠብቀው። «ያኔ ከእጃችን ያመልጣል።» ለረቡዕ ጠዋት አልጋ ያዙለት። ቁርጡ ማክሰኞ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ካልታወቀ፣ ወይም ካንሰር አይደለም ከተባለ፣ አልጋው ለሌላ ታማሚ ይሰጣል። የተረፈውን ሥጋ ደግሞ ለሦስተኛ ዓይን ብለው ወደኛ ላቦራቶሪ ላኩት።

እኛ ጋ እንዲህ ያለውን የምታጠናው አንዲት ወጣት ተመራማሪ ናት፤ እኔ ዶክተርዬ ነው የምላት። ሥራዋን በኔ ቋንቋ ታስረዳኝ ነበር። «እማማ፣ አፋችንን ከውስጥ የሚያለብሱት ህዋሳት እንደ ዓሣ ቅርፊት ጠፍጣፋ ናቸው፣ ተደራርበው ነው የሚኖሩት። ሲታመሙ ገጻቸው ላይ አንድ ነገር ይበዛባቸዋል። እኔ ያንን ነገር ፈልጎ የሚይዝ መልእክተኛ እልካለሁ፤ መልእክተኛው ጀርባ ላይ መብራት አስራለሁ።»

መብራቱ ኳንተም ዶት ይባላል። በዓይን ቀርቶ በተራ ማይክሮስኮፕ የማይታይ ፍሬ ነው፤ ሐምራዊ ብርሃን ሲያርፍበት ግን ይበራል። የሚገርማችሁ፣ ሁሉም ከአንድ ነገር ተሠርተው ትንሹ አረንጓዴ ይበራል፣ ተለቅ ያለው ቀይ። ሌላው ቀለም ትንሽ ካዩት ይጠወልጋል፤ እነዚህ ቢያፈጡባቸው አይደክሙም። ጤነኛው ህዋስ ጭል ጭል ይላል፣ የታመመው ይንቦገቦጋል። «ገና ጥናት ነው፣ ፍርድ አይደለም» ብላቸው ነበር ለቀዶ ሐኪሙ። እሳቸው ግን እርስ በርስ የማይስማሙ ሁለት ወረቀቶች ይዘው የእሷን ቃል ነበር የሚጠብቁት።

ሰኞ ጠዋት ሶዳዬን በጥብጬ ጆጉን እስከ መስመሩ ሞላሁ። አንድ መንከሪያ ብቻ ነበር የሚታጠበው። በአሲዱ አሽቼ ማለቅለቅ ጀመርኩ፤ በኩራችን፣ ተከታዩ፣ እኔ... ስድስተኛዋ እህታችን ጋ ደረስኩ። ከዚያ የእሱን ስም ልጠራ አፌን ስከፍት ድምፄ እምቢ አለኝ። ያ ለፍላፊ አፍ ድዳ ሆኖ ታየኝ። በክንዴ ፊቴን ጠረግሁ፣ አፍንጫዬን ሳብኩ፣ መንከሪያውን መደርደሪያ ላይ ደፋሁት። ከሰዓት በኋላ ዶክተርዬ የሌሎች ታማሚዎችን አራት ስላይዶችና ካንሰር መሆኑ አስቀድሞ የታወቀውን ማመሳከሪያ በአሮጌው መንከሪያ ደረደረች። አምስት ሞላ። የወንድሜ ስድስተኛ ሆነ፤ ብቻውን፣ እኔ ባጠብኩት ውስጥ ገባ።

ማክሰኞ አራት ሰዓት ላይ ዶክተርዬ ማይክሮስኮፑን ከብርሃን ከሚጋርደው ጥቁር መጋረጃ ጀርባ ወጥታ አቀፈችኝ። «እማማ፣ ጭል ጭል ብቻ ነው! ማመሳከሪያው እንደ እሳት ይነዳል፣ የወንድምዎ ግን እንደ ጤነኛ ነው። ለቀዶ ሐኪሙ ደውዬ ነገርኳቸው፤ የነገውን ሊሰርዙት ነው።»

እልል አልኩ፣ እዚያው ላቦራቶሪ ውስጥ። ለወንድሜም ደወልኩለት።

ከዚያ ወደ ገንዳዬ ተመለስኩ፤ ደስ ያለው ሰው እጁ ሥራ ይፈልጋል። አዲስ መንከሪያ አንስቼ ቆጠርኩ፣ በዜማ ነው የቆጠርኩት። ሰባተኛው ላይ ስሙን ጮክ ብዬ ጠርቼ ጆጉን ሳነሳ ከበደኝ።

ጆጉ ሙሉ ነበር። ሰኞ የሞላሁት፣ እስከ መስመሩ፣ ጠብታ ሳይጎድለው።

ልጆቼ፣ ገንዳውን ይዤ ቆምኩ። ደግሞ ለራሴ ነገርኩት፣ አንድ ውሃ ቢቀር ምን ያመጣል? ስድስት ጊዜ ታጥቧል እኮ! ሄጄ ዶክተርዬን ጠየቅኋት፣ እንደ ዋዛ አስመስዬ።

«ልጄ፣ እነዚያ መብራቶችሽ አሲድ ቢነካቸው ምን ይሆናሉ?»

«ይደበዝዛሉ፣ አሲድ ጠላታቸው ነው። ምነው ጠየቁኝ?»

«እንዲሁ ነው።»

እንዲሁ ነው! ይህን ያለችው ይህቺ አፌ ናት። አንድ ሰዓት ሙሉ ዝም አልኩ። ግድግዳው ላይ ያለው ሰዓት እየተንቀሳቀሰ፣ እኔ የታጠበ ዕቃ እንደገና እያጠብኩ። ከተናገርኩ ምላሱን አስቆርጠዋለሁ። ዝም ካልኩስ? ምናልባት እውነትም ጤነኛ ነው... ምናልባት የምትለውን ቃል ያን ቀን የጠላሁትን ያህል ጠልቼ አላውቅም።

አምስት ሰዓት ተኩል ላይ በሩ ተበረገደና ሬዲዮ ገባ፣ የመናኸሪያ ሰደርያውን እንደለበሰ።

«ተሳፋሪዎች ሆይ!» አለ እጁን አፉ ላይ እንደ ድምፅ ማጉያ አድርጎ። «ወደ ቀዶ ጥገና የሚሄደው መኪና ተሰርዟል! ትኬት የያዛችሁ ወደየቤታችሁ!» ላቦራቶሪው በሳቅ ተሞላ። ዶክተርዬን እጇን ሊስም ጎንበስ አለ፣ እሷም «ኧረ ጋሼ፣ ይተዉ!» እያለች ሸሸችው። ከዚያ ወደኔ ዞረ። «እትዬ፣ ምነው ፊትሽ? ሰው ሞተብሽ?»

ሲናገር ምላሱን አየሁት። የተናገርኩት ያኔ ነው።

«ጆጉ ሙሉ ነው።»

«የምን ጆግ?» አለ እሱ። ዶክተርዬ ግን ሳቋ ፊቷ ላይ ደረቀ። ከኔ ወደ ጆጉ፣ ከጆጉ ወደ መንከሪያው አየች። ቀጭን የአሲድ መለኪያ ወረቀት አምጥታ የወንድሜ ስላይድ ባደረበት መንከሪያ ጥርሶች መካከል ከተተችው። ወረቀቱ ቀላ።

«አሲድ አለ» አለች ቀስ ብላ። «የጠዋቱ ውጤት ውጤት አይደለም ጋሼ። ምንም አይነግረንም።»

ሬዲዮ መጀመሪያ ሳቀ፤ ቀልድ መስሎት። ቀጥሎ ፊቱ ተለወጠ። «ልጅ እያለሁ ወሬህ አያልቅም፣ ዝም በል ትይኝ ነበር። ልታስቆርጪልኝ ኖሯል! ዝም ብትይ ምን ነበረበት? አንዲት ቀን እንኳ ደስ ብሎኝ ባድር?»

ዶክተርዬ ለቀዶ ሐኪሙ ደውላ አልጋውን እስከ ዘጠኝ ሰዓት እንዲያቆዩላት ለመነችና ሰዓቷን አየች። «ከሥጋው አንድ ቁራጭ ቀርቷል፣ የመጨረሻው ነው። ቢያጣድፉት ሦስት ሰዓት ይፈጃል። አሁን ካልጀመርን ዘጠኝ ሰዓት አይደርስልንም። እማማ፣ መንከሪያ ይጠቡልኝ።»

«እኔ? ሌላ ሰው ይጠበው እንጂ!»

«ከእርስዎ ሌላ አላምንም» አለች።

አጠብኩ። ወንድሜ ክንዱን አጣምሮ ከጎኔ ቆሟል፣ እያኮረፈ። ቆጠርኩ፣ በየስማቸው። በኩራችን። ተከታዩ። እኔ። አራት፣ አምስት፣ ስድስት። ሰባተኛው ላይ እንደ ሰኞው ስሙ አልወጣልኝ አለ። ጆጉን ይዤ ቀረሁ።

እሱ ራሱ ስሙን ጠራ። በዚያ በመናኸሪያ ድምፁ ሳይሆን ቀስ ብሎ፣ ድሮ ስጠራው «አቤት» እንደሚለኝ። እጁን እጄ ላይ አድርጎ ጆጉን አብሮኝ አዘነበለ።

ከዚያ በኋላ ሦስት ሰዓት ተቀመጥን፣ ሁለት ወንበር ላይ፣ ጥቁሩ መጋረጃ ፊት ለፊት። ሬዲዮ ዝም ሲል በሕይወቴ መጀመሪያ የሰማሁት ያኔ ነው።

ለዘጠኝ ሩብ ጉዳይ ላይ ዶክተርዬ መጋረጃውን ገለጠች። ፊቷን ሳይ አወቅሁ። «ጋሼ፣ ልንገርዎ ወይስ ያዩታል?»

«ልየው» አለ።

ጎንበስ ብሎ ዓይኑን ማይክሮስኮፑ ላይ አደረገ። ብዙ ቆየ። «በዝናብ የቆሙ የአውቶቡስ የኋላ መብራቶች» አለ በመጨረሻ። «ስንት መኪና ነው ተሰልፎ ያለው! ይሄ ሁሉ ምላሴ ላይ ነው?»

«ቁራጩ ላይ ያለው ነው። ወደ ሥጋው መግባት ጀምሯል፣ ግን ሩቅ አልሄደም» አለች። ለቀዶ ሐኪሙ ስትደውል ድምፅዋ እየተሰበረ ነበር። እሳቸውም መጥተው በገዛ ዓይናቸው አዩት፤ አልጋውንም አልለቀቁም።

ረቡዕ ጠዋት የምላሱ ሲሶ ተቆረጠ። አንገቱን ሲያዩት ንጹህ ነበር፤ ገና አልደረሰበትም። አሥራ አራት ቀን መናገር ተከለከለ። እኔም በየቀኑ ከሥራ ስወጣ እየሄድኩ ጎኑ እቀመጣለሁ፣ እሱ ግድግዳውን ያያል። በአምስተኛው ቀን ደብተሩን ሳብ አድርጎ አንዲት መስመር ጻፈና ወደኔ ገፋት።

«ዛሬስ ጆጉ ጎደለ?»

«ጎደለ» አልኩት። ትከሻው ሲንቀጠቀጥ እያለቀሰ መሰለኝ፤ እየሳቀ ነበር።

አሁንም መናኸሪያው ውስጥ ይለፍፋል። ምላሱ ከበድ ይላል፤ አራት ቁጥር በር ሲል «አላት» ይልበታል፣ አዲስ መንገደኛ ሁለት ጊዜ ያስደግመዋል። እሱም «ያልገባህ እህቴን ጠይቃት፣ የዚህ ምላስ ባለቤት እሷ ናት» ይላል በድምፅ ማጉያው።

እንግዲህ ልጆቼ፣ ሻይ ልታፈሉልኝ ከመነሳታችሁ በፊት አንዲት ነገር ልለምናችሁ። እናንተም አንድ ቀን እጃችሁ ይስታል፤ ማን የማይስት አለ። ያኔ እኔንም ሆነ ያንን መብራት ብትረሱት ግድ የለኝም። ያቺን ሙሉ ጆግ ግን አስታውሱልኝ።