ያልተጠጣው የኮክ ሻይ

ሱንዱስ ያን ዕለት እህል ውኃ በአፏ ሳይዞር ነው የዋለችው። የሐምሌ ሙቀት የዓረቦቹን የወንዝ ዳር ከተማ፣ አቡ አልኸሲብን፣ ተጭኗታል፤ መብራት ከጠፋ ሁለት ቀን ሆኖታል፤ የሰፈሩ ጄኔሬተር ተቃጥሎ ባለቤቱ ስልኩን ዘግቶ ተሰውሯል። እሷ ግን ወጥ ቤት ውስጥ ኮክ ትልጣለች። ከቀትሩ የዙሁር ሶላት በኋላ አሥራ ሁለት ሰዎች ሽምግልና ይመጣሉ፤ የሚመጡትም እሷን ከአጎቷ ልጅ ከጫሲብ ሊለምኑ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። አባቷ በልጅነቷ ስለሞተ ያደገችው በአጎቷ ቤት ነው። አጎቷም ሲሞት ቤቱም እሷም በልጁ በጫሲብ እጅ ወደቁ። በነሱ ዘንድ ደግሞ የአጎት ልጅ «ይህችን ልጅ ከልክያለሁ» ካለ አለ ነው፤ እሱ ካልፈቀደ ሌላ ወንድ አያገባትም። በሃያ ዓመቷ ጫሲብ ሁለተኛ ሚስት ሊያደርጋት ጠይቆ አሻፈረኝ አለችው። ከዚያ ወዲህ አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ፣ ሳልበላው ጭሬ ልበትነው እንዳለችው ዶሮ፣ ለማንም አልሰጥም ብሎ አስቀምጧታል። የመጀመሪያውን ጠያቂ ደጁ ላይ ጥይት ወደ ሰማይ ተኩሶ ሸኘው። ሁለተኛው ያንን ስለሰማ ደጁም አልደረሰ።

ሦስተኛው ራዲ ነው። የጀልባ ሞተር ጠጋኝ ነው፣ ሚስቱ ሞታበታለች፣ ትንሿን ልጁን የምታስተምርለት ሱንዱስ ናት። የልጁን ነገር ሊጠይቅ ትምህርት ቤት መጥቶ፣ የመጣበትን ረስቶ ቆሞ የቀረ ሰው ነው። ቢሆንም ሞኝ አይደለም፤ ሰይድ ነዕማን ይዞ ነው የሚመጣው። የነቢዩ ዘር የሆኑት ሰይድ ነዕማ ሰማንያ ሦስት ዓመታቸው ነው፤ ደም የተቃባ ሰው ያስታረቁ ናቸው። በወንዙ ግራና ቀኝ ከሳቸው በላይ የሚላክ ሽማግሌ የለም። ዛሬ ጫሲብ እሳቸውን እምቢ ካለ ከእንግዲህ ማንም አይመጣም፤ ሱንዱስ እዚሁ ቤት አርጅታ እዚሁ ትሞታለች።

«ለሽማግሌ የሚቀርበው ትኩስ ሻይ ነው» አለቻት የጫሲብ እናት ሐስና፣ በሩ ላይ ቆማ በካርቶን ቁራጭ እየተራገበች። «ቀዝቃዛና ጣፋጭ ነገር ቃል ከተሰጠ በኋላ ነው።»

«ሻይ እኮ ነው አክስቴ።»

«ኮክና በረዶ ያለበት ሻይ? ኧረ ተይ ልጄ፣ ሰው ምን ይለናል?»

«በዚህ ሙቀት እሳት ላጠጣቸው?»

ሐስና ሱንዱስን እንደ ልጇ ነው የምትወዳት፤ ልጇን ግን ትፈራዋለች።

እውነተኛውን ምክንያት ሱንዱስ አልነገረቻትም። ሽማግሌ ለትልቅ ጉዳይ ሲመጣ የቀረበለትን ብርጭቆ ምንጣፉ ላይ ያስቀምጥና «የመጣሁበትን ሳላገኝ አልቀምስም» ይላል። እንግዳው ሳይቀምስ ከሄደ ለቤቱ ጌታ ውርደት ነው፤ ስለዚህ ብዙ ሰው እዚያ ላይ ይረታል። ጫሲብ ግን ማምለጫውን ያውቃል። አምና በዚሁ በሐምሌ ለሌላ ጉዳይ የመጡ ሽማግሌዎችን ትኩስ ሻይ አቅርቦ ሦስት ሰዓት ጎልቷቸው ነበር። በአምሳ ዲግሪ ሙቀት ትኩስ ሻይ ማን ይናፍቀዋል? ሻዩም ቀዘቀዘ፣ ሰዎቹም ታክቷቸው ተነሡ። ሱንዱስ ያን ቀን ከመጋረጃው ጀርባ ሆና አይታለች። እንግዳው ጉሮሮው ደርቆ፣ በረዶው ፊቱ እየቀለጠ፣ ብርጭቆው ላብ ላብ እያለው ቢቀመጥ ግን ሌላ ነው፤ ያንን አይቶ የማን አንጀት ይችላል አለች በልቧ። ተንኮል ነው። ተንኮል መሆኑን እሷም አልካደችም።

የደረቁትን ሎሚዎች በዘነዘና ሰነጠቀችና ፍሬያቸውን አንድ በአንድ ለቀመች፤ ፍሬው አብሮ ከፈላ ሻዩ እሬት ይሆናል። ቅርፊቱን ከሻይ ቅጠሉ ጋር አፈላችው፣ ቅጠሉንም እጥፍ አደረገች፤ በረዶው ሲቀልጥበት ውኃ ውኃ እንዳይል። የተላጠውን ኮክ ከስኳር ጋር ጨፍልቃ በንጹሕ ሻሽ አጥልላ ሻዩ ውስጥ ጨመረችው። ትኩሱን በበረዶ ላይ ብትደፋው ይደፈርሳልና ድስቱን ውኃ ባለው ሳፋ ውስጥ አስቀምጣ እስኪበርድ ጠበቀች። በረዶውን በማለዳ ያስመጣችው ነው፤ አንድ ብሎክ፣ በጆንያ ተጠቅልሎ ጥግ ላይ ተቀምጧል። ከሥሩ ውኃው መውረድ ጀምሯል።

ሰዎቹ መጡ። ጫሲብ ራሱ ትሪውን ሊወስድ ወጥ ቤት ገባ። አንድ ብርጭቆ አንሥቶ ቀይ ቢጫውን ሻይ በብርሃን አየው።

«ይኼ ደግሞ የማን ብልሃት ነው?»

«ሙቀቱ ነዋ» አለች ሱንዱስ።

አፈጠጠባት። እንግዳ ግን ሳሎን ተቀምጧል፣ የጫሲብ ቤት ደግሞ በመስተንግዶው ታምቶ አያውቅም። ትሪውን ይዞ ወጣ። ሱንዱስም ወደ መጋረጃው ሄደች።

ሰይድ ነዕማ ከሁሉ በላይ፣ ግድግዳውን ተደግፈው ተቀምጠዋል። ራዲ ከሁሉ በታች፣ ጫማ የሚወልቅበት ቦታ፣ አንገቱን ደፍቶ ተቀምጧል።

«ጫሲብ ልጄ፣ አላህ ቤትህን ይባርከው። የመጣንበትን ታውቃለህ» አሉ ሰይዱ።

«ቤቱ የናንተ ነው ሰይዲ። መጀመሪያ ጉሮሯችሁን አርጥቡ።»

ሰይዱ ብርጭቆውን ተቀብለው ምንጣፉ ላይ አስቀመጡት። ሌሎቹም አስቀመጡ። «የመጣንበትን ሳናገኝ አንቀምስም።»

«ቀኑ ገና ነው» አለና ጫሲብ ስለ ወንዙ ውኃ ጨው መሆን ማውራት ጀመረ።

በዚያ ቀን ስለ ወንዙ ጨው ያልተወራ ነገር የለም። ከጎን የተቀመጠ አንድ ወፍራም ሰው፣ አቡ መዝሂር የሚሉት፣ ግንባሩን በራስ መሸፈኛው በኩፊያው እየጠረገ «ጫሲብ፣ ወይ ይህን ብርጭቆ ከፊቴ አንሳልኝ፣ ወይ ዓይኔን እሰርልኝ» አለ። ሰዉ ሳቀ፣ ጫሲብም ሳቀ። ሲስቅ ሱንዱስ ተስፋ አደረገች። ሳቁ እንዳበቃ ግን ወደ ጨው ተመለሰ።

በረዶው ሲቀልጥ ጫሲብ ትሪውን መልሶ አመጣ። «ቀይሪው። እንግዳዬ ፊት የሞቀ ነገር አይቀመጥም።» ቀየረችው። የመጀመሪያውን ሻይ ወደ ባልዲ ስትገለብጠው ሐስና ዓይኗን በእጇ ሸፈነች። ሁለተኛውም ቀለጠ። ጫሲብ ኩሩ ነው እንጂ ንፉግ አይደለም፤ ሦስተኛ አዘዘ። ሱንዱስ ጆንያውን ስትገልጠው ከብሎኩ የቀረው ጭብጥ የማይሞላ ነገር ነው። ፈልጣ አካፈለችው፤ ለያንዳንዱ ብርጭቆ አንዳንድ ስባሪ ደረሰ፣ ለሰይዱ ሁለት አደረገች።

ትሪው ከወጣ በኋላ፣ በመጋረጃው በኩል ነው ያየችው። የሰይድ ነዕማ መቁጠሪያ፣ ሙስበሃቸው፣ ከጣታቸው ወርዶ ጭናቸው ላይ ተኝቷል። ፊታቸው አመድ መስሏል፤ ማላብ እንኳ ትተዋል። አቡ መዝሂርም ከእንግዲህ አይቀልድም።

«ሽማግሌው ሊሞቱብን ነው» አለች ሐስና በሹክሹክታ። «ከንፈራቸውን እዪው። በኔ ቤት፣ በኔ ጣራ ሥር።»

ሱንዱስ ጫሲብን ላቃጥልበት ያለችው እሳት የሚፈጀው ሌላ ሰው ነው። እኒህ ሰው ለእሷ ምኗም አይደሉም፤ በዚህ ሙቀት ከአልጋቸው የተነሡት በእሷ ምክንያት ነው። ትኩስ ሻይ አቅርባ ቢሆን ታክቷቸው በጊዜ ቤታቸው ይገቡ ነበር። ራሷን ጠላችው። ዓባያዋን ጠቅልላ መጋረጃውን ገለጠችና ወንዶቹ መካከል ገባች።

«አንቺ!» አለ ጫሲብ።

አልሰማችውም። ሰይዱ ፊት ተንበርክካ ብርጭቆውን በሁለት እጇ አቀረበችላቸው። «አባቴ ይጠጡ። ጥያቄው የኔ ነበር፤ እኔው ትቼዋለሁ። በዚህ ሁሉ ሰው ፊት ትቼዋለሁ።»

ራዲ ቀና አለ። ሱንዱስ ልታየው ፈርታ ነበር፣ ግን አየችው። ፊቱ ክስል ብሏል፤ ራሱን ግን ቀስ አድርጎ በእሺታ ነቀነቀ። ያን ጊዜ የወደደችውን ያህል ከዚያ በፊት ወዳው አታውቅም።

ሰይድ ነዕማ ድምፃቸው በጭንቅ ወጣ። «ልጄ፣ እስከ ቀትር ድረስ ጥያቄው ያንቺ ነበር። ደጁን ካለፍኩ ወዲህ የኔ ነው። ተነሽ።»

«አባቴ፣ እባክዎን…»

«ተነሽ ብያለሁ።»

ሊገፏት እጃቸውን ሲያነሡ እጃቸው አልታዘዝ አለና ወደ ጎን አዘነበሉ። ደርሶ ያቀፋቸው ጫሲብ ነው። ራሳቸውን ክንዱ ላይ አስደግፎ ከሱንዱስ እጅ ብርጭቆውን ነጠቀና ከንፈራቸው ላይ አደረገው።

«ይጠጡ ሰይዲ።»

ሽማግሌው ጥርሳቸውን ነከሱ። ሻዩ በአገጫቸው ወርዶ ነጭ ጺማቸውን አርሶ ደረታቸው ላይ ፈሰሰ።

«ለአላህ ብለው ይጠጡ። ይሞታሉ እኮ!»

ዓይናቸውን ገለጥ አደረጉ። «ልጅቷስ?»

ጫሲብ ዙሪያውን ሲቃኝ የሚያግዘው ፊት አጣ፤ እናቱ እንኳ መጋረጃውን ይዛ የምታየው እንደ ባዳ ነው። ሰይድ ነዕማ በጫሲብ ቤት በውኃ ጥም ሞቱ ቢባል እሱ ብቻ ሳይሆን የልጅ ልጆቹም ከዚያ ስም አይወጡም። ይህን እያሰበ እንደሆነ ሱንዱስ ከፊቱ አነበበች፤ ስለ እሷ አንዳች ነገር እያሰበ እንዳልሆነም አነበበች።

«ትሂድ» አለ።

«አልሰማሁም።»

«ትሂድ! ራዲ ያግባት። እጄን አንሥቻለሁ፣ ሁላችሁም ምስክር ናችሁ።»

ሰይድ ነዕማ አፋቸውን ከፈቱ። ትንሽ በትንሽ፣ እያረፉ፣ ብርጭቆውን ጨረሱት። ሲጨርሱ ነው ሌሎቹ ወደ ብርጭቆዎቻቸው የዞሩት። አቡ መዝሂር የራሱን በአንድ ትንፋሽ ጨልጦ የጎረቤቱን ለመነ። ሐስና እልል ልትል ጀምራ እልልታው ለቅሶ ሆነባት።

ሱንዱስ ወደ ወጥ ቤት ተመልሳ ግድግዳው ሥር ተቀመጠች። ደስ ሊላት ይገባ ነበር፣ ደስም ብሏታል፤ ግን እንባዋ ቀድሞ መጣ። ከሳሎኑ የሰይዱ ድምፅ ሲሰማ፣ እህል ስጡኝ ሲሉ፣ ያኔ ተነፈሰች። ተነሥታ ከድስቱ የቀረውን ሻይ ቀዳችና በረዶ በሌለበት፣ ለብ እንዳለ፣ ሁለት ብርጭቆ ጠጣች።

ጫሲብ ገባ። ጀለቢያው በሻይ ርሷል፤ ጉሮሮው ደርቆ ድምፁ ተሰነጣጥቋል። እንግዳ ሳይቀምስ የቤቱ ጌታ አይቀምስምና እሱም እንግዶቹ ከገቡ ጀምሮ አልጠጣም። ሱንዱስ ቀድታ ሰጠችው።

ብርጭቆውን ያዘ። ወደ አፉ ወሰደና መለሰው። ከዚያ ጎንበስ ብሎ መሬት ላይ፣ እግሯ አጠገብ አስቀመጠው።

«ይቅር እስክትይኝ አልቀምስም» አለ።

ሱንዱስ ብርጭቆውን አየችው፣ እሱንም አየችው። ጫሲብ ሲለምን አይታው አታውቅም፤ ከልቡ እንደሆነም አልተጠራጠረችም። ለመጀመሪያ ጊዜ አልፈራችውም።

«ከጠማህ ጠጣው፤ እኔ አልከለክልህም» አለችው። «ይቅርታውን ግን ጠብቅ። እኔ አሥራ አንድ ዓመት ጠብቄያለሁ።»

ትሪውን አነሣችና ባዶዎቹን ብርጭቆዎች ልትሰበስብ ወደ ሳሎን ሄደች።