ካሴቱ ያልደረሰበት

«አባባ መቼ ነው የሞተው?» አለች ሰሎሜ።

ሱፍያን ዓይኑን ከምንጣፉ ላይ አላነሳም። በዓረቧ ከተማ በኹበር በሚገኘው ሆስፒታል እሱ በመድኃኒት ክፍል፣ እሷ በላቦራቶሪ ለዓመታት አብረው ሲሠሩ፣ ይህ ሰው ክፉ ነገር መናገር ሲኖርበት ድምፁ ዝቅ እንደሚል ታውቃለች፤ ዛሬ ግን ድምፁ ጨርሶ ከድቶታል። ሚስቱ ኢክላስ ከኋላ ሆና የሰሎሜን ትከሻዎች አጥብቃ ይዛለች። በዚሁ በአል ፈይሰሊያ ሰፈር በሰው ቤት የምትሠራው የደብረ ታቦሯ የሻረግ፣ ጩኸት ወደ ጎረቤት እንዳይወጣ መስኮቶቹን አንድ በአንድ እየዘጋች ነበር።

«በመስቀል ማግስት» አለ ሱፍያን በመጨረሻ። «በእንቅልፋቸው ነው አሉ፤ ሳይጨነቁ። ወንድምሽ ሽብሩ የሙያ ፈተናሽን ሳትጨርሺና ኹሩጅሽ፣ የመውጫ ፈቃድሽ፣ ሳይወጣ እንዳንነግርሽ አስምሎን ነው። እንዴት ብለን ብቻሽን፣ በሰው አገር…»

«አይሆንም» አለች ሰሎሜ፤ ፍጹም በተረጋጋ፣ የምርመራ ውጤት ስታርም በምትናገርበት ድምፅ። «ባለፈው ሐሙስ ጽፎልኛል።»

ሦስቱም ተያዩ። የሻረግ በመስኮቱ እጀታ ላይ እጇን እንዳኖረች ቀረች።

«ሰሊ፣ የኔ ቆንጆ» አለች ኢክላስ፤ «ኢንና ሊላሂ… አልቅሺ፤ ዝም አትበይ።»

«ጽፎልኛል እያልኩሽ ነው። ስለ ዘፈኑ።»

ቃሉ ክፍሉ ውስጥ እንዳልተጠራ እንግዳ ገብቶ ቆመ። የሻረግ ከመስኮቱ ተመልሳ ሶፋው ላይ የነበረውን ትራስ አነሳች፤ ፊቷን ቀበረችበትና «ወይኔ አባቴ፣ ወይኔ ሰው!» ብላ ለማታውቃቸው ሽማግሌ በታፈነ ጩኸት አለቀሰች። በዚህ ከተማ የሐበሻ ልቅሶ በትራስ ውስጥ ነው የሚለቀሰው። ሰሎሜ ግን የአየር ማቀዝቀዣውን ማጉረምረም እያዳመጠች፣ ቀኖቹን ከኋላ ወደ ፊት፣ ከፊት ወደ ኋላ ትደረድራለች። አልገጥም አሏት።

ሞትን መደበቅ ለእሷ እንግዳ አልነበረም። የየሻረግ እናት ሲያርፉ፣ ማዳሟ ለእረፍት እስክትለቃት ድረስ ዝም እንዲባል የመከረችው ራሷ ሰሎሜ ነበረች። መርዶ ሰዓቱን ጠብቆ፣ ሰው አሰባስቦ፣ ቤት ድረስ መጥቶ እንዲነገር ከሚያዝ ወግ የተወለደ ሰው፣ አንድ ቀን የወጉ ተቀባይ እንደሚሆን ማወቅ ነበረበት። የማታውቀው፣ በዝምታው ክፍተት ውስጥ ሟች ሊናገር እንደሚችል ነው።

*

አልበሙ የእንግሊዞች ነበር፤ የአገራችን አብዮት ሊፈነዳ ጥቂት ሲቀረው የወጣ፣ በዋሽንትና በኦርጋን፣ በማያልቁ መሸጋገሪያዎችና በድንገተኛ ዝምታዎች የተገነባ። «የጨው ድልድይ» ይባላል። ያን ጊዜ ወጣት የፊዚክስ መምህር የነበረው አባቷ ዘሩባቤል፣ ወደ አገሩ ከሚመለስ እንግሊዛዊ ባልደረባው ሸክላ ላይ በካሴት ቀድቶ አስቀረው። የሸክላው ሁለተኛ ገጽ ከዳር እስከ ዳር አንድ ዘፈን ብቻ ነው። ካሴቱ ደግሞ አጭር ነበር።

ዘፈኑ የሚተርከው በጭጋግ በተጋረደ የባሕር ወሽመጥ ላይ፣ ማዶውን አይቶት ሳያውቅ ጣውላ እየደረደረ ድልድይ ስለሚሠራ ሰው ነው። የከተማው ሰው ይስቅበታል፤ ሚስቱ ምሳ መላክ ታቆማለች፤ እሱ ይደረድራል። ከበሮው በሰባት የሚቆጠር ምት ይመታል፤ አባቷ በጣቱ ጠረጴዛውን እየቆረቆረ «ይህ ምት አያነክስም፤ አንድ እርምጃ ነው የተረፈው» ይላት ነበር። ግጥሙን መስመር በመስመር እያቆመ ወደ አማርኛ ሲመልስላት፣ አንዲት ቃል ለማግኘት አንድ ከሰዓት በኋላ ሙሉ ይፈጅ ነበር። በመጨረሻ ሰውየው እስከ ድልድዩ ጫፍ ይሄዳል፤ ወደ ጭጋጉ «እዚያ ማን አለ?» ብሎ ይጣራል፤ ካሴቱም ቅጭ ብሎ ያልቃል።

በየክረምቱ መጨረሻውን ራሳቸው ይፈጥሩ ነበር። አንድ ክረምት ሴት መለሰችለት። አንድ ክረምት የገዛ ድምፁ አርጅቶ ተመለሰ። እናቷ በሞተችበት ክረምት ግን አባቷ ቴፑን ዘጋና «ዘንድሮ መጨረሻ የለውም» አለ።

ታናሽ ወንድሟ ሽብሩ በር ላይ ተደግፎ ነበር የሚያሾፍባቸው። «ይሄን ሁሉ ጣውላ ከሚፈጅ ጀልባ ቢገዛ አይሻለውም?»

«አንተ ዝም በል፤ አይገባህም» ትለዋለች ሰሎሜ። አባቷም አይቃወማትም ነበር።

ዘመን ተለወጠ፤ ሙሉውን አልበም በስልክ ማግኘት የአንድ አፍታ ሥራ ሆነ። አባቷ ግን «ዕድሜ ልኬን ያሰብኩትን በጣት ንክኪ አልሽረውም» ብሎ እምቢ አለ። ባለፈው ክረምት የመስማት አቅሙ መዳከም ጀመረ። ያኔ ራሱ ደወለ። «ሰሉ፣ ጆሮዬ ሳይዘጋ ላኪልኝ። አንቺም ከኔ በፊት እንዳትሰሚው፤ ቃል ግቢ።» በደመራ ዋዜማ ላከችለት፤ ቃሏንም ጠበቀች። ከዚያ ወዲህ ስትደውል አይነሣም፤ «ጆሮዬ አስቸገረኝ፣ ጻፊልኝ» የሚል መልእክት ብቻ ይመጣል። ከዚያ፣ በዚያ ሐሙስ፣ ይህ መጣ፤

«ልጄ፣ ሰማሁት። ማንም አይመልስለትም። መሣሪያዎቹ አንድ በአንድ ዝም ይላሉ፤ በመጨረሻ የሰውየው እርምጃ ብቻ በጣውላው ላይ ይሰማል። መጀመሪያ ከፋኝ። ደግሜ ስሰማው ግን፣ እዚያ ድረስ የሄደው መልስ ፈልጎ አይመስለኝም። ድልድዩ ይሸከመው እንደሆነ ሊያይ ነው። ተሸከመው።»

መልእክቱን ያነበበችው ኹበር የባሕር ዳር መናፈሻ ላይ፣ ከሥራ ወጥታ ነበር። ማዳመጫዋን አድርጋ፣ ወደ ባሕሬን የሚሄደው ድልድይ በእርጥበቱ ውስጥ እየደበዘዘ ሲጠፋ እያየች፣ መጨረሻውን ለመጀመሪያ ጊዜ ሰማች። አባቷ በሕይወቱ ከተናገረው ሁሉ የበለጠውን ያን ዕለት እንደተናገረ አመነች።

*

በማግስቱ ሰው በዛ። ከዳህራን፣ ከሰሜን ኹበር የመጡ ሐበሾች የውሃ ካርቶንና ቴምር ይዘው በቡድን በቡድን ይገባሉ፤ ጫማቸውን በር ላይ ሲያወልቁ እንኳ እንዳይሰማ ይጠነቀቃሉ። ሰሎሜ መሬት ላይ በተዘረጋው ፍራሽ መሐል ተቀምጣለች። ጥቁር ልበሺ ብለው አባያዋን ቢያመጡላት «ይሄንንማ ለገበያም እለብሰዋለሁ» ብላ መለሰችው። ጥቁር የሁሉ ሴት የዘወትር ልብስ በሆነበት አገር ሐዘን ቀለም አጥቷል።

«ምን ትላለች?» ስትል አንዲት ጎብኚ ለየሻረግ ስታንሾካሹክ ሰማች።

«ዘፈን ዘፈን ትላለች። ደንግጣ ነው፤ አትፍረጅባት።»

«በልቅሶ ላይ ዘፈን? ማርያም ትድረስላት!»

«አላህ ይድረስላት በይ፣ እሱም ይደርሳል» አለ ሱፍያን ሻይ እያደለ፤ ጥቂት ሰዎች አፋቸውን በእጃቸው ሸፍነው ፈገግ አሉ።

የሻረግ ከአጠገቧ ቁጢጥ አለች። «አኩርፈሽናል አይደል? እናቴን ደብቀሽኝ አልነበር እንዴ? እኔ ማዳም ቤት ወለል እየጠረግሁ እዘፍን ነበር፤ እናቴ አፈር ለብሳ እኔ እዘፍን ነበር! አንድ ቀን ተናገርኩሽ?»

ሰሎሜ ቀና ብላ አየቻት። «አልተናገርሽኝም።»

«እንግዲያ ኸላስ፣ በቃ። እህል ቅመሺ፤ እኔም እስከ መግሪብ ሶላት ነው የተፈቀደልኝ።»

አልቀመሰችም። በሥራዋ፣ የተሳሳተ ስም የተለጠፈበት ናሙና የቱንም ያህል ንጹሕ ቢሆን አይመረመርም፤ ይጣላል፤ ባለቤቱ ተጠርቶ እንደ ገና ይቀዳል። ያ መልእክት የማን ነው? አባቷ ዘፈኑን ሰምቶት፣ የተሰማውን ለሽብሩ ተናግሮ፣ ሽብሩ ዘግይቶ ልኮት ይሆን? በዚህ ቀጭን ክር ላይ ተንጠልጥላለች። ሽብሩ በተደጋጋሚ ደውሏል፤ አላነሣችም። ካነሣች ክሩ ሊበጠስ ይችላል። አባቷ መሞቱን፣ መቀበሩን፣ አፈሩ መድረቁን ሁሉ በድንጋጤዋ ውስጥ አንድ ጥግ አስቀምጣዋለች። አንድ ጥያቄ ግን ሊቀመጥ አልቻለም፤ አባቷ ዕድሜውን ሙሉ ጫፉ ላይ አቁሞ ያቆየውን ዘፈን ጨርሶት ነው ወይስ ሳይጨርሰው የሄደው?

*

በሰልስቱ ጠዋት ሱፍያን ስልኩን ራሱ አምጥቶ ሰጣት። «ሽብሩ ነው። ‹ካላናገረችኝ አብዳለሁ› አለኝ። ልጁም አባት ነው የሞተበት፤ እህቴ።»

ተቀበለችው።

«ሰሉ…»

«አንድ ነገር ብቻ ነው የምጠይቅህ። አባባ ሰምቶታል?»

ከወዲያ ማዶ የመንገድ ጥሩምባ ተሰማ፤ የበር መዘጋት።

«አልሰማውም» አለ ሽብሩ። «የላክሽው አልወረደም ነበር፤ ከሞተ በኋላ በስልኩ ላይ ያወረድኩት እኔ ነኝ። ለመስቀል እንግዳ በዛበት፤ ‹ነገ ቤቱ ጸጥ ሲል፣ ማዳመጫዬን አድርጌ› አለኝ። በነጋታው አልተነሣም።»

አንድ ሌሊት። ዘፈኑና አባቷ በአንድ ሌሊት ተላለፉ።

«አንቺ ደግሞ ‹ሰማኸው? ሰማኸው?› እያልሽ ትጽፊያለሽ። ዝም ብል ትጠረጥሪያለሽ። ምን ላድርግ? ዕቃ ቤት ገባሁ፤ የሱን ማዳመጫ አደረግሁና ሰማሁት። ድንኳኑ ገና አልተነቀለም፤ ለቀስተኛ ደጅ ተቀምጧል። አክስታችን በርበሬ ልታወጣ ገብታ ስታየኝ፣ ‹አባቱን ቀብሮ ዘፈን!› ብላ ደረቷን መታች። ሰፈሩ ሁሉ ሰማ። እስከ ዛሬ ሰላም አትለኝም። ምን ብዬ አስረዳታለሁ? ‹እንግሊዞቹ ድልድዩን ምን እንዳደረጉት ላጣራ ነው› ልበል?»

ከሰሎሜ ጉሮሮ ሳቅም ልቅሶም ያልሆነ ድምፅ ወጣ። ኢክላስ ደንግጣ ዞረች።

«እና የጻፍከው…» አለች ሰሎሜ፤ «‹ተሸከመው› ያልከው። አባባ ነግሮህ አይደለም?»

«ምን ብሎ? እኔን መቼ ስለ እሱ አውርቶኝ ያውቃል? የሱ አነጋገር እንዲመስል ደከምኩ፤ ጻፍኩ፣ አጠፋሁ፤ አልመጣልኝም። በኋላ ሲታክተኝ የራሴን ላክሁት። ይቅር በይኝ። ትለይዋለሽ ብዬ ፈርቼ ነበር፤ አልለየሽውም።»

ክሩ ተበጠሰ። ልትቆጣ ፈለገች፤ ቁጣዋ የሚያርፍበት ስፍራ አጣ። የአባቷ የመጨረሻ ቃል ብላ የያዘችው የአባቷ አልነበረም፤ አባቷ ከዚያ ጠረጴዛ አጠገብ ከተናገረው ሁሉ ያስበለጠችው ቃል፣ አይገባህም ብላ በር ላይ ካስቀረችው ልጅ የወጣ ነው። ይህ ከመርዶው ይልቅ አደነዘዛት።

«ሽብሩ» አለች፤ «በቃልህ ንገረኝ። እንደ አባባ ሆነህ አይደለም። ራስህ ንገረኝ።»

«አሁን?»

«አሁን።»

ጀመረ። መሣሪያዎቹ አንድ በአንድ ዝም እንደሚሉ ነገራት፤ በጣውላው ላይ ስለሚቀረው እርምጃ ነገራት፤ መጀመሪያ እንደከፋው ነገራት። የመጨረሻዋ ቃል ላይ ሲደርስ ድምፁ ተሰነጠቀና ቆመ። ከዚያ፣ ቀብሩን አስፈጽሞ፣ ድንኳን አስተክሎ፣ በአንድ ስልክ የአባቱን ሞት እየተናገረ በሌላው ስልክ አባቱን ሆኖ እየጻፈ የቆየው ወንድሟ፣ እንደ ሕፃን ተንሰቀሰቀ።

«ላለቅስ እንኳ ጊዜ አላገኘሁም እኮ» አለ በሲቃ። «አንቺን ስዋሽ።»

ሰሎሜ ስልኩን በሁለት እጇ ያዘችው። ወደዚህ ቤት የገባ ሰው ሁሉ እሷን ሲያጽናና ሰንብቷል፤ እሷ ግን ማንንም አላጽናናችም።

«እግዚአብሔር ያጽናህ፣ ወንድሜ» አለችው፤ እንባዋም ያኔ መጣ።

መልስ አልጠበቀችም። ስልኩን ከጆሮዋ ሳታነሳ፣ ከተቀመጠችበት የፍራሹ መሐል ብድግ ብላ ወደ ግድግዳው ጥግ ተጠጋች፤ የለቀቀችውንም ቦታ፣ የተጨማደደውን አንሶላ በመዳፏ እየዳበሰች፣ ወንድሟ መጥቶ የሚቀመጥበት ይመስል፣ ለአንድ ሰው እንዲበቃ አድርጋ አስተካከለችው።