ቆርቆሮ ውስጥ የቀረው የቅጣው መልክ

ልጄ ጽናት ፊልም ሠሪ ናት። ፊልም ስላችሁ ሰው የሚፋቀርበት፣ የሚደባደብበት እንዳይመስላችሁ። የፊልሙን ጥቅልል በመርፌ ትጭረዋለች፣ አፈር ውስጥ ቀብራ በወሩ ታወጣዋለች፣ ከዚያ ነጭ ግድግዳ ላይ ታበራዋለች። ልጅ ሆና የቤቱን ግድግዳ በከሰል ስትሞላው እኔው ነበርኩ የምገርፋት። አዲስ አበባ ላይ ይህንኑ ስትሠራ አሥር ዓመት ሆናት፤ ፈረንጆችም ጠርተው አሳይተውላታል።

በዘጠና ስድስት፣ በጥቅምት፣ እኛ አገር ወደ ራቤል መጥታ ሳምንት ሙሉ ጭጋግ ስትቀርጽ የቀበሌው ሊቀመንበር አፈወርቅ፣ «ስለ ልማት ነው?» አላት።

«ስለ ጭጋግ ነው።»

«ጭጋግማ ሞልቶናል! መንገዱ ነው የጠፋን።»

ጭጋጉ ውስጥ አባቷን ቅጣውንም ቀረጸችው። ስትሄድ ጥቅልሉን በቆርቆሮ አሽጋ ሰጠችኝ። «እማዬ፣ ውጭ አገር ልኬ እስካሳጥበው እዚህ ይቀመጥ። የአዲስ አበባ ሙቀት ያበላሸዋል፣ የናንተ ብርድ ይጠብቀዋል። እንዳትከፍቺው።»

ቅጣው በጥር ድንገት አረፈብኝ። ሳይናዘዝ። አንድ ፎቶ እንኳ የለውም፤ መልኩ ያለው እዚያ ቆርቆሮ ውስጥ ብቻ ነው። በአርባው ቀን ነጠላዬ ስር ሸሽጌ ቤተ ክርስቲያን ወሰድኩት። ፍትሐቱ ሲያልቅ የነፍስ አባቴን አባ ዓምደ ሚካኤልን፣ «አባ፣ መልኩ እዚህ አለ፤ ጠበል ይርጩልኝ» አልኳቸው።

«ወለተ ማርያም፣ ሰውየው ውስጥ፣ ጠበሉ ውጭ?» አሉኝ።

እውነታቸውን ነው ብዬ ከፈትኩት። እንደ ጥቁር ጥብጣብ የተጠመጠመ ነገር ነው። ረጩት። እኔም ጫፉን ወደ ፀሐይ አንስቼ ፈለግሁት። የለም።

ጽናት ለፋሲካ ስትመጣ ነገርኳት። ቁጭ አለች።

«እማዬ፣ ፊልም ሳይታጠብ ብርሃን ካየ አለቀለት።»

«እኔ ጠበል ነው ያስረጨሁት!»

«ጠበሉን አላልኩም፣ ፀሐዩን ነው የምልሽ።»

ቆርቆሮውን መልሳ አሸገችው። ሁለተኛ የቀበርኩት መሰለኝ። በዓለ ሃምሳ ባይሆን በስግደት ወገቤን እቆርጠው ነበር።

እንዲያም ሆኖ ላከችው። በመስቀል ማግስት መሐል ሜዳ ከተማ፣ መብራት ስላለ ወንድሟ ቸሩ ቤት ሰበሰበችን። ግድግዳው ላይ ጋቢ ሰቀለች፣ መስኮቱን በብርድ ልብስ ጋረደች። መጀመሪያ ነጭ ብቻ ነበር። ቀጥሎ እንደ ማር ያለ ነገር ፈሰሰ፤ ጠበሉ ያረፈበት ሁሉ ክብ ክብ እየሆነ ያብባል፣ ይጠፋል።

«ቅዳሴ ላይ ሳንጎላጅ የማየው ይኼንን ነው» አለች ጎረቤቴ ጠጄ። ቸሩ ሳቀ። እኔ አልሳቅሁም፤ ዓይኔ ፊቱን ይፈልጋል።

«የጥቅልሉ ሆድ ትንሽ ተርፏል» አለች ጽናት። «ይኸውልሽ።»

ከነጩ ውስጥ ጀርባ ወጣ። የበግ ጠጉር ባናውን ደርቦ በገብሱ ዳር ይሄዳል፤ እግሩ መሬት አይነካም፣ ጭጋጉ ነው የተሸከመው። ሊጠፋ ሲል፣ «ቅጣው!» ብዬ ጮህኩ።

ዞረ። ያ ግንባሩ፣ ያ ሊቆጣ ሲል ፈገግ የሚለው አፉ። ከዚያ ነጩ ዋጠው።

ኋላ ነው ትዝ ያለኝ፤ ስትቀርጸው ለምሳ ጠርቼው ነበር።

«እማዬ፣ የተቃጠለውን ቆርጬ ፊቱን ብቻ ላስቀርልሽ?»

«ከየት እንደመጣ እንዳላይ? ተይው። ድገሚልኝ።»

ደገመችው። አሁን አፌን በነጠላዬ ያዝኩ። ሳልጠራውም ዞረ።